ባለ 32 ገጽ የሥዕል መጽሐፍ ለትንንሽ ልጆች፦ ከረቂቁ እስከ ማተሚያ ቤት

አንድ የልጆች የሥዕል መጽሐፍ ያንሱና ሥዕሎቹን በወረቀት ሸፍነው ጽሑፉን ብቻ ያንብቡት። ታሪኩ ምንም ሳይጎድለው ከገባዎት ሥዕሎቹ ጌጥ ሆነው ቀርተዋል ማለት ነው። ቀጥለው ጽሑፉን ሸፍነው ሥዕሎቹን ብቻ ይመልከቱ። ልጅ "ድገሚልኝ" የሚለው መጽሐፍ ሁለቱ ለየብቻቸው ጎዶሎ፣ አንድ ላይ ሲሆኑ ሙሉ የሚሆኑበት ነው።

እንግሊዛዊቷ ፓት ሃቺንስ እ.ኤ.አ. በ1968 ያወጣችው፣ ሮዚ ስለምትባል ዶሮ የሚናገረው መጽሐፍ በጠቅላላው 32 ቃላት ብቻ ነው ያለው። ቃላቱ ዶሮዋ በእርሻው ግቢ ዞር ዞር ብላ ለእራት መመለሷን ይናገራሉ። ከኋላዋ እያደባ በየገጹ መከራውን የሚያየው ቀበሮ ግን በጽሑፉ ውስጥ ስሙ እንኳ አልተነሳም። ማንበብ የማይችለው የአራት ዓመት ልጅ ከሚያነብለት ትልቅ ሰው ቀድሞ አደጋውን ያያል፤ ዶሮዋን ለማስጠንቀቅም ይጮኻል። ይህ እንዲሆን ጸሐፊዋ ምን መጻፍ እንደሌለባት ማወቅ ነበረባት። በአማርኛ ለልጆች በሚዘጋጁ መጻሕፍት ላይ ደጋግሞ የሚታየው ድክመት ደግሞ ይኸው ነው፤ ጽሑፉ ሁሉንም ነገር ይናገርና ለሥዕሉ ሥራ አያስቀርለትም።

የሚከተለው መመሪያ ከ3 እስከ 6 ዓመት ላሉ ልጆች የሚሆን፣ ጮክ ተብሎ የሚነበብ፣ ባለ ቀለም መጽሐፍ ለማዘጋጀት ነው። እንደ ምሳሌ አንድ ቀላል ታሪክ እንያዝ። የሊያ አያት ጋቢ ጠፍቷል፤ ቀኑ እየመሸ፣ ብርዱ እየበረታ ነው፤ ሊያ ቤቱን ሁሉ ትፈልጋለች። በየሥዕሉ ጥግ አንዲት ድመት የነጭ ጨርቅ ጫፍ ስትጎትት ትታያለች፤ ጽሑፉ ግን ድመቷን አንድም ጊዜ አያነሳም። በመጨረሻ ጋቢው አልጋ ሥር ይገኛል፤ በውስጡም አራት የድመት ልጆች ተኝተዋል።

ጽሑፉን መጻፍና መቁረጥ

ታሪኩ አንድ ልጅ፣ አንድ ፍላጎትና አንድ እንቅፋት ይበቃዋል። ሊያ የምትፈልግባቸው ቦታዎች ከአራት እስከ ስድስት ቢሆኑ ጥሩ ነው፤ ከዚያ በላይ ከሆነ ልጁ ይሰለቻል። እያንዳንዱ ፍለጋ ከቀደመው ከበድ ማለት አለበት። ለመፈተን ሦስተኛውንና አምስተኛውን ቦታ ያቀያይሯቸው። ምንም ለውጥ ካላመጣ ታሪኩ ቆሟል ማለት ነው። በእኛ ምሳሌ የመስኮቱ ብርሃን በየገጹ እየደበዘዘ፣ አያቷ በየገጹ እየተኮማተሩ ስለሚሄዱ ቅደም ተከተሉ ሊቀያየር አይችልም።

የጽሑፉ ርዝመት ከ150 እስከ 300 ቃል ይሁን። በእንግሊዝኛ ለዚህ ዕድሜ በሚጻፉ መጻሕፍት እስከ 500 ቃል መሄድ የተለመደ ቢሆንም ለአማርኛ ይህ ይበዛል። "አላገኘሁትም" ብቻውን ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ሦስት መቶ እንዲህ ያሉ ቃላት ብዙ ታሪክ ይሸከማሉ።

የመጀመሪያውን ረቂቅ ሳይቆጥቡ ይጻፉት፤ ከዚያ በቀለም እርሳስ ሊሳል የሚችለውን ሁሉ ይሰርዙ። ለምሳሌ ረቂቁ እንዲህ ይላል እንበል፦ "ሊያ ቀስ ብላ ወደ ጓዳ ገባችና ከትልቁ ቡናማ እንስራ ኋላ በእግር ጣቶቿ ቆማ እየተንጠራራች ተመለከተች፤ ነገር ግን ጋቢው በዚያ አልነበረም።" እንስራው፣ ቀለሙ፣ መንጠራራቷ፣ ቀስ ማለቷ የሥዕሉ ድርሻ ናቸው። የሚቀረው "ጓዳ ገባች። እዚህም የለም!" ነው። ከ20 ቃላት አራት ቀሩ፤ "እዚህም የለም!" ደግሞ ለሦስተኛ ጊዜ ሲመጣ ልጆቹ አብረው የሚሉት አዝማች ይሆናል።

ይህ መቁረጥ ከተረት ልማዳችን የተነሳ ይከብዳል። ተረት ሲነገር ሌሊቱንም ዝናቡንም የጅቡን ዓይንም ተራኪው በድምፁ ነው የሚያሳየው፤ ሰሚው የሚያየው ነገር የለም። የቆየ ተረት ይዘው ወደ ሥዕል መጽሐፍ የሚያመጡ ከሆነ የአያትዎን ቃል ከነሙሉ ውበቱ ገልብጠው ማስቀመጥ አይሠራም። ንግግሮቹን፣ አዝማቹንና ድርጊቱን የሚያዞሩትን ጥቂት ዓረፍተ ነገሮች አስቀርተው ገለጻውን ለሰዓሊው ያስረክቡ።

ሥዕሉ ሊያሳያቸው የማይችላቸውን ግን አይቁረጡ። ስም፣ ጊዜ ("በማግስቱ")፣ ድምፅ፣ ሽታና ሰው በልቡ የሚያስበው ነገር የጽሑፉ ናቸው።

ገጽ የሚገለጥበት ቅጽበት

መጽሐፉ ከግራ ወደ ቀኝ ሲነበብ ጎዶሎ ቁጥር ያላቸው ገጾች በቀኝ፣ ሙሉ ቁጥር ያላቸው በግራ ይሆናሉ። ስለዚህ ጥያቄው፣ ጥርጣሬው፣ "አሁን ምን ይመጣ ይሆን?" የሚያሰኘው ነገር በቀኝ ገጽ ግርጌ ያልቅ፤ መልሱ ከተገለጠ በኋላ በግራ ገጽ ይምጣ። በጣም የተለመደው ስህተት መዘጋጃውንና ድንገቴውን ፊት ለፊት በተቀመጡ ሁለት ገጾች ላይ ማስቀመጥ ነው። የልጁ ዓይን በአንድ ጊዜ ሁለቱንም ገጽ ያያል፤ አንባቢው የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር ሳይጨርስ ምስጢሩ ወጥቷል።

አማርኛ እዚህ ላይ ትልቅ ጸጋ አለው፤ ማሰሪያ አንቀጹ መጨረሻ ላይ ይመጣል። ዓረፍተ ነገሩን በ"ስት" ወይም በ"ሲ" ጥገኛ ሐረግ ላይ ከፍለው ቀሪውን ወደሚቀጥለው ገጽ ማሳለፍ ይችላሉ። በገጽ 11፦ "ሊያ የቁም ሳጥኑን በር ስትከፍት..." ይገለጣል፤ በገጽ 12፦ "...ልብሱ ሁሉ ተናደባት!" አድማጩ ዓረፍተ ነገሩ እንዳላለቀ ጆሮው ስለሚነግረው ማንም ሳይለው እጁን ወደ ገጹ ይሰዳል። ይህን በየገጹ አያድርጉት፤ በአንድ መጽሐፍ ሦስት ወይም አራት ጊዜ ይበቃል።

ሠላሳ ሁለቱን ገጾች መደልደል

ቁጥሩ የመጣው ከወረቀት አስተጣጠፍ ነው። አንድ ትልቅ ወረቀት በሁለት ፊቱ ታትሞ ሦስት ጊዜ ሲታጠፍ 8 ቅጠል፣ ማለትም 16 ገጽ ይሰጣል። ሁለት እንዲህ ያሉ ጥራዞች 32 ይሆናሉ። 30 ወይም 34 ገጽ ልሥራ ቢሉ ማተሚያ ቤቱ ባዶ ገጽ ይጨምርልዎታል ወይም ተጨማሪ ወረቀት ያስከፍልዎታል። በጀቱ ጠበብ ካለ 24 ይሥሩ እንጂ መካከል ላይ አይቁሙ።

ድልድሉ እንዲህ ይሆናል። ገጽ 1 ርዕሱ ብቻ፣ ገጽ 2 የቅጂ መብትና የህትመት መረጃ፣ ገጽ 3 ርዕስ ከጸሐፊና ከሰዓሊ ስም ጋር። ታሪኩ በ4–5 ተጀምሮ በ30–31 ሲያበቃ 14 ጥንድ ገጾች ይኖሩታል፤ ገጽ 32 ነጠላ ነው፣ ለመጨረሻዋ ትንሽ ሥዕል የሚሆን። በምሳሌያችን ጋቢው በ28–29 ይገኛል። በ30–31 አያት፣ ሊያና ድመቶቹ በአንድ ጋቢ ሥር ናቸው። ገጽ 32 ላይ ደግሞ ድመቷ የሊያን ሹራብ ጫፍ ይዛ እየጎተተች ትታያለች፤ ጽሑፍ አያስፈልገውም።

አንድ ኤ3 ወረቀት ላይ 7 በ5 ሴንቲ ሜትር የሆኑ 16 ሳጥኖች በአራት ረድፍ ይሥሩ። 15ቱ ለጥንድ ገጾች፣ 16ኛው ለሁለት ተከፍሎ ለገጽ 1 እና ለገጽ 32 ነው። በእያንዳንዱ ውስጥ ከሁለት ደቂቃ በላይ ሳይቆዩ በወፍራም እርሳስ ይሞንጭሩ፤ ቀጭን እርሳስ ወደ ዝርዝር ይጎትታል። ሁሉም ሲሞላ ወረቀቱን ግድግዳ ላይ ለጥፈው ከሁለት ሜትር ርቀት ያዩት። ሊያ በሁሉም ሳጥን ውስጥ በእኩል መጠን፣ በመካከል፣ ከፊት ለፊት ቆማ ከታየች መጽሐፉ ገና ሳይሣል ደክሟል። ከሩቅ፣ ከመካከለኛ ርቀትና ከቅርብ የሚታዩ ሥዕሎችን ያፈራርቁ፤ አንድ ዓይነት ርቀት ከሁለት ጥንድ ገጽ በላይ ተከታትሎ አይምጣ። ከላይ ወደ ታች የሚታይ አንድ ሥዕል፣ አልጋ ሥር ካለች ድመት ዓይን የሚታይ ሌላ ሥዕል ቢኖር መልካም ነው።

የሥዕሉ ስፋት ራሱ ይናገራል። ሞሪስ ሴንዳክ እ.ኤ.አ. በ1963 ባወጣው፣ ማክስ የተባለ ልጅ ወደ አውሬዎቹ አገር በሚሄድበት መጽሐፍ፣ ሥዕሎቹ በሰፊ ነጭ ኅዳግ ተከበው በትንሽነት ይጀምራሉ፤ ልጁ ከቤቱ በራቀ ቁጥር ይሰፋሉ። በታሪኩ ጫፍ ላይ ሦስት ጥንድ ገጾች ያለ አንድ ቃል ከዳር እስከ ዳር በሥዕል ይሞላሉ። የመጨረሻዋ ገጽ ደግሞ ጥቂት ቃላት ብቻ ናት፣ ሥዕል የላትም። ይህ ሁሉ በድልድል ወረቀቱ ላይ የሚወሰን ነገር ነው፤ ቀለም ከተቀባ በኋላ አይታሰብም።

እንቅስቃሴ ከግራ ወደ ቀኝ ይሂድ። ሊያ ስትፈልግ ፊቷ ወደ ቀኝ፣ ወደሚገለጠው ገጽ ይሁን። ወደ ግራ የሚዞር ሰው እየተመለሰ ወይም የሆነ ነገር እያገደው ይመስላል፤ ስለዚህ ለዚያው ያስቀምጡት።

ናሙናውን መሥራትና በልጆች ፊት መፈተን

8 የኤ4 ወረቀቶች ደራርበው በመሐል ሲያጥፉ 32 ገጽ ያለው ትንሽ መጽሐፍ ያገኛሉ። እጥፋቱ ላይ ሁለት ቦታ በስቴፕለር ይምቱት ወይም በመርፌና ክር ይስፉት። ገጾቹን ቁጥር ይስጡ፣ ሥዕሎቹን በእርሳስ ያስፍሩ፤ ጽሑፉን በኮምፒውተር አትመው እየቆረጡ ደጋግሞ በሚነሳ ሙጫ ይለጥፉ፣ ቦታው መቀያየሩ አይቀርምና። ይህን ደረጃ የሚዘሉ ሰዎች ገንዘባቸውን የሚያጡት ማተሚያ ቤት ውስጥ ነው።

ፈተናው ሁለት ነው። የመጀመሪያው፦ ጽሑፉን ከዚህ በፊት ላላየ ሰው ሰጥተው ጮክ ብሎ እንዲያነብልዎ ይጠይቁ፤ እርስዎ ዝም ብለው ያዳምጡ። በአማርኛ አጻጻፍ መጥበቅና መላላት ስለማይታይ "ይበላል" የሚለውን አንዱ "ምግብ ይመገባል" በሚል፣ ሌላው "ሌላ ይበላዋል" በሚል ትርጉም ሊያነበው ይችላል። አንባቢው ተመልሶ እንደገና ያነበበውን ቃል ሁሉ ምልክት ያድርጉበትና ይቀይሩት።

ሁለተኛው፦ ለአምስት ወይም ለስድስት ልጆች ናሙናውን ይዘው ያንብቡ። "ወደዳችሁት?" ብለው አይጠይቁ፤ ልጅ ለትልቅ ሰው "አዎ" ይላል። አካላቸውን ይመልከቱ። ሳይጨርሱ ገጹን ሊገልጥ የሚታገል ልጅ ጽሑፉ እንደረዘመ ይነግርዎታል። ወደ ሥዕሉ ተጠግቶ የሚጠቁም ልጅ ድመቷን አግኝቷል። እስከ ሦስተኛው ጥንድ ገጽ ድመቷን ማንም ካላያት በጣም ተደብቃለች፤ በመጀመሪያው ላይ ሁሉም ካያት ደግሞ ጫወታው ቶሎ አልቋል። ዓይን ከመጽሐፉ የሚነሳበት ገጽ ላይ ምልክት ያድርጉ፤ በሁለት የተለያዩ ቡድኖች ያው ገጽ ከተደጋገመ ይውጣ።

ሥዕሉ

ከመጨረሻው ሥዕል በፊት ለእያንዳንዱ ሰው አንድ ወረቀት ያዘጋጁ፦ ከፊት፣ ከጎን፣ ከኋላ፣ ቁጭ ብላ፣ ስትሮጥ፤ ከአጠገቡም አምስት የፊት ስሜቶች። የአራት ዓመት ልጅ ቁመት ከጭንቅላቷ ርዝመት አምስት እጥፍ ገደማ ነው፤ ከዚህ ካለፈ ሊያ ትልቅ ሴት ትመስላለች። የሹራቧን ቀለም፣ የሹሩባዋን ቁጥር፣ የአዝራሮቿን ብዛት ይጻፉ። ልጆች እንዲህ ያለውን ልዩነት ከአርታኢ ቀድመው ያገኛሉ።

የጋቢ ነገር የራሱ ችግር አለው። ነጭ ጨርቅ በነጭ ወረቀት ላይ ይጠፋል። በየሥዕሉ ከጋቢው ኋላ ያለውን ግድግዳ ወይም ወለል ሞቅ ያለ ቀለም ይስጡት፤ የጨርቁን እጥፋት በቀዝቃዛ ሰማያዊ ግራጫ ያጥሉት። ጥለቱንም በትክክል ይሣሉ። ጋቢ ብዙ ጊዜ ጥለት የሌለው ወፍራም ነጭ ነው፤ ባለ ጥለት ከሣሉት አያቱ ነጠላ ለብሰዋል ይባላል።

የጠይም ፊት ህትመት ጥንቃቄ ይሻል። ቀለም ወረቀት ውስጥ ሲሰርግ ነጥቦቹ ይሰፋሉ፤ ጥቁር ቡናማው ይደፈንና ዓይንና አፍ ይጠፋሉ። በስክሪኑ ላይ ልክ ከሚመስልዎ አንድ ደረጃ አብርተው ይሣሉት፤ ከፊቱ ኋላም ጨለማ አያድርጉ።

በእጅ የሚሠሩ ከሆነ የውሃ ቀለምን 300 ግራም (በካሬ ሜትር) ወረቀት ይችለዋል፤ ቀጭኑ ይኮማተርና ስካን ሲደረግ ጥላ ያመጣል። ልክ በሚታተምበት መጠን ወይም ከዚያ ሩብ ያህል አስፍተው ይሣሉ። እጥፍ አድርገው ሥለው ቢያሳንሱት ቀጫጭን መስመሮች ይጠፋሉ፤ አሳንሰው ሥለው ቢያሰፉት የወረቀቱ ሻካራነት ሳይቀር ይጎላል። የፊት ሥዕል የማይቀናቸው ሰዎች ቀለም የተቀባ ስስ ወረቀት ቆርጦ መለጠፍን ይሞክሩ። ኤሪክ ካርል እ.ኤ.አ. በ1969 ስለ አንዲት የተራበች አባጨጓሬ ያወጣውን መጽሐፍ የሠራው በዚህ መንገድ ነው። ወረቀቱን አስቀድመው በብዛት ይቀቡ፣ በየቀለሙ በፖስታ ይለዩ፣ ቅርጹን ሲቆርጡ መቀሱን ሳይሆን ወረቀቱን ያዙሩ።

ስካን ሲያደርጉ ከ400 እስከ 600 ዲፒአይ (በአንድ ኢንች ውስጥ ያሉ ነጥቦች ብዛት) ይምረጡ። ስካነሩ ትንሽ ከሆነ በሁለት ቁራጭ አንስተው ያገናኙታል፤ ቁራጮቹ ቢያንስ 3 ሴ.ሜ ይደራረቡ፣ መገናኛውም ባዶ ሰማይ ላይ አይረፍ። ወጥ ቀለም ላይ የመገናኛ መስመር ወዲያው ይታያል፣ ቅጠል ወይም ጥለት ላይ ግን ይደበቃል።

መጠንና ወረቀት

ሥዕል ከመጀመርዎ በፊት ማተሚያ ቤት ሄደው የሚያትሙበትን ትልቅ ወረቀት መጠን ይጠይቁ። 70 በ100 ሴ.ሜ ከሆነ በአንድ ፊት ስምንት ገጽ ይሰፍራል። 21 በ21 ሴ.ሜ የሆነ አራት ማዕዘን መጽሐፍ የዚህን ወረቀት ግማሽ ያህል ብቻ ይጠቀማል፤ ቀሪው ለቅርጫት ነው፣ የሚከፍሉት ግን ለሙሉው ነው። የኤ4 ቁመት (21 በ29.7) ከ70 በመቶ በላይ ይጠቀማል። አራት ማዕዘን ውብ ነው፣ ዋጋውን አውቀው ይምረጡት።

ለውስጥ ገጽ ከ135 እስከ 150 ግራም የማያንጸባርቅ አርት ፔፐር ጥሩ ነው። ከ120 ግራም በታች ሲሆን የኋላው ሥዕል ይታያል። የሚያብለጨልጨው ወረቀት በመብራት ሥር ለሚነበብ መጽሐፍ አይመችም፤ ብርሃኑ ልጁ ዓይን ላይ ይመለሳል። ለሽፋን ከ250 እስከ 300 ግራም ከላሚኔሽን (ስስ የፕላስቲክ ልባስ) ጋር ይሁን።

የወረቀቱ ጭረት (ቃጫዎቹ የተኙበት አቅጣጫ) ወደ ጀርባው አቅጣጫ፣ ማለትም ከላይ ወደ ታች እንዲሄድ በግልጽ ይዘዙ። በተቃራኒው ከሆነ መጽሐፉ ተዘርግቶ አይተኛም፤ እጥፋቱ ላይ ቀለሙ ይሰነጠቃል፤ በክረምት እርጥበት ገጾቹ ይወዛወዛሉ።

በሽቦ መስፋት ለ32 ገጽ ርካሽና በቂ ነው፤ ሽቦው ጫፉ ወደ ውስጥ ተጣጥፎ ጣት የማይወጋ መሆኑን ይፈትሹ። በሙጫ ብቻ መጠረዝን እምቢ ይበሉ። የ32 ገጽ ጀርባ ውፍረት ከ2 እስከ 3 ሚ.ሜ ብቻ ስለሆነ ሙጫው የሚይዘው የለም፤ መሐሉም ስለማይከፈት ጥንድ ገጽ የሚሞላው ሥዕል ይዋጣል። ለቤተ መጻሕፍት ከሆነ በክር የተሰፋ ጠንካራ ሽፋን ገንዘቡን ይመልሳል።

ቅንብር

በየዳሩ ተቆርጦ የሚጣል 3 ሚ.ሜ ሥዕል ይተው፤ ያለዚያ ቢላው በትንሹ ሲስት ነጭ መስመር ይቀራል። ለኤ4 ጥንድ ገጽ ሙሉው ሥዕል 42.6 በ30.3 ሴ.ሜ ይሆናል፤ በ300 ዲፒአይ 5,030 በ3,580 ፒክስል ገደማ ነው። ጽሑፍና ፊት ከዳር 1.5 ሴ.ሜ ይራቁ፤ በሽቦ ሲሰፋ የመሐል ገጾች ወደ ውጭ ስለሚገፉ 1 ሚ.ሜ ያህል ተጨማሪ ይቆረጣል።

ከመሐል እጥፋት ደግሞ ፊት፣ እጅና ጽሑፍ 1.5 ሴ.ሜ ይራቁ። ሁለት ገጽ የሚሞላ ሥዕል በአብዛኛው የሚታተመው በሁለት የተለያዩ ቁራጮች ላይ ነው፤ ሲገጣጠም አንድ ሚሊ ሜትር መዛነፉ ያለ ነገር ነው። ሳይቆራረጥ የሚታተመው የጥራዙ መሐል ብቻ ነው፦ በሽቦ አንድ ላይ ለሚሰፋ 16–17፣ በሁለት ጥራዝ በክር ለሚሰፋ ደግሞ 8–9 እና 24–25። እጥፋቱን በግድ የሚያቋርጥ ነገር ካለ፣ ለምሳሌ የተዘረጋ ገመድ ወይም የሰው ክንድ፣ እዚያ ያስቀምጡት።

የፊደሉ መጠን ከ18 እስከ 24 ነጥብ፣ በመስመሮች መካከል ያለው ርቀት የፊደሉ አንድ ተኩል እጥፍ ይሁን። ፊደል ቆጥሮ ገና የጨረሰ ልጅ ለ እና ሉን፣ ነ እና ኑን የሚለየው በትንሽ ቅጥያ ነው፤ ቅጥያው የሚቀጥንበት ወይም የሚጠመዘዝበት የጌጥ ፊደል ለሽፋኑ ርዕስ እንጂ ለውስጥ አይሆንም። አቢሲኒካ ወይም ኖቶ ሰሪፍ ኢትዮጲክ ግልጽና በነፃ የሚገኙ ናቸው። ጽሑፉን በግራ ብቻ ያሰልፉ። በሁለቱም ዳር ካስተካከሉት ረጃጅሞቹ የአማርኛ ቃላት በመካከላቸው ሰፋፊ ክፍተት ይተዋሉ። መስመሩን ሲሰብሩ ቅጽልን ከስሙ፣ ተሳቢውን ከግሡ አይነጥሉ፤ የአንባቢው ትንፋሽ የሚያርፍበት ላይ ይስበሩ።

ጽሑፉ በጥቁር ቀለም ብቻ፣ ጥቁሩ 100 በመቶ ሆኖ ይታተም። ከአራቱ የህትመት ቀለማት ድብልቅ ከሆነ ፕሌቶቹ (የየቀለሙ ማተሚያ ሰሌዳዎች) በጥቂቱ ሲዛነፉ በፊደሉ ዳር ቀይና ሰማያዊ ጥላ ይወጣል። ሌላም ጥቅም አለው፤ መጽሐፉን በኋላ በኦሮምኛ ወይም በትግርኛ ለማውጣት የጥቁሩን ፕሌት ብቻ መቀየር ይበቃል። በጨለማ ሥዕል ላይ ነጭ ጽሑፍ ካደረጉ ግን ሁሉም ፕሌት መቀየር ይኖርበታል። ለዚህ ሲባል ለጽሑፉ ከሚያስፈልገው አንድ ሦስተኛ ያህል ሰፋ ያለ ቦታ ይተዉለት።

በውጭ ለሚያድጉ ልጆች በሁለት ቋንቋ የሚያዘጋጁ ከሆነ ሁለቱ ጽሑፎች በየገጹ ቦታቸውን አይቀያይሩ፤ አማርኛው ከላይ ከሆነ እስከ መጨረሻው ከላይ ይሁን። እስራኤል ላሉ ቤተሰቦች አማርኛና ዕብራይስጥ ሲጣመሩ ዋናው ጥያቄ መጽሐፉ በየት በኩል ይከፈት የሚለው ነው። ዕብራይስጥ ከቀኝ ወደ ግራ ስለሚሄድ የሥዕሉ እንቅስቃሴና የገጹ ድንገቴ ሁሉ ይገለበጣል። አንዱን አቅጣጫ መርጠው ድልድሉን ከመጀመሪያው ለዚያ ይሥሩ። ሥዕሉን በኮምፒውተር እንደ መስታወት መገልበጥ ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን ሊያ እንጀራ በግራ እጇ ስትቆርስ፣ የግድግዳው ጽሑፍ ወደ ኋላ ሲነበብ ያገኙታል።

ወደ ማተሚያ ቤት

ሰዓሊው ሌላ ሰው ከሆነ ውሉ በጽሑፍ ይሁን፦ ለስንት ቅጂ፣ በየትኛው ቋንቋ፣ ለዲጂታልም ይሠራል ወይ፣ ኦርጂናል ሥዕሉስ የማን ነው። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የሰዓሊውንም መብት ይጠብቃል፤ ሥዕሉን ገዛሁ ማለት የማባዛት መብቱን ገዛሁ ማለት አይደለም። የመጽሐፉን መለያ የአይኤስቢኤን ቁጥር በኢትዮጵያ ከብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት ያወጣሉ። ባርኮዱን በኋላ ሽፋን፣ ነጭ መደብ ላይ፣ በ37 በ26 ሚ.ሜ ገደማ ያስቀምጡት።

ፋይሉን በፒዲኤፍ፣ ፊደሎቹ ውስጡ ተካተው ይላኩ። ካልተካተቱ ማተሚያ ቤቱ ውስጥ ሲከፈት ባዶ ሳጥኖች ይመጣሉ። ከዩኒኮድ (ዛሬ ኮምፒውተሮች ፊደልን ከሚለዩበት የጋራ አሠራር) በፊት በነበሩ ፊደላት የተጻፈ የቆየ ጽሑፍ ካለ እንደገና ይጻፍ፤ ቢቀየር እንኳ አንዳንድ ሆሄያት ተዛብተው ይቀራሉ። ቀለሙን ከአርጂቢ (ከስክሪን ቀለም) ወደ ሲኤምዋይኬ (ወደ አራቱ የህትመት ቀለማት) እርስዎ ራስዎ ይቀይሩና ስክሪን ላይ ይዩት። ብሩህ ብርቱካን፣ የሣር አረንጓዴና ደማቅ ሰማያዊ ይደበዝዛሉ፤ ይህን ከአሁኑ አይተው ማስተካከል እንጂ መጽሐፉ ሲመጣ መደንገጥ አይጠቅምም።

ከመቶ እስከ ሁለት መቶ ቅጂ ከሆነ ዲጂታል ህትመት ያዋጣል። ከአምስት መቶ በላይ ሲሆን የኦፍሴት (በፕሌት የሚሠራ ህትመት) ፕሌት ወጪ በቅጂዎቹ ላይ ተከፋፍሎ ይቀንሳል። በሁለቱም መንገድ በትክክለኛው ወረቀት የታተመ፣ የታጠፈና የተቆረጠ አንድ ናሙና ሳያዩ "ቀጥሉ" አይበሉ። ናሙናውን በቀን ብርሃን፣ መስኮት አጠገብ ይመልከቱ። የሊያ ዓይኖች ይታያሉ? ጋቢው ከግድግዳው ተለይቷል? የገጽ 11 እና 12 ጽሑፍ ከመገለጡ በፊትና በኋላ ባለበት ቦታ ነው?

ህትመቱ ሲደርስ ከመጀመሪያው፣ ከመሐሉና ከመጨረሻው ጥቅል ሦስት ሦስት መጻሕፍት ያውጡ። ገጾቹን አንድ በአንድ ይቁጠሩ፤ በጥራዝ መደርደር ላይ አንድ ወረቀት ተገልብጦ ወይም ተደግሞ መግባቱ የተለመደ ነው። የመሐሉን ቅጠል በሁለት ጣት ይዘው ሳብ ያድርጉት፤ ከሽቦው ከተላቀቀ፣ ሽቦው ከእጥፋቱ ውጭ ወድቋል። ሽፋኑን ሃያ ጊዜ ያህል ይክፈቱና ይዝጉት፤ የላሚኔሽኑ ጫፍ መላጥ ከጀመረ በሙሉ አልተጣበቀም። እንዲህ ያለ ነገር ካገኙ ቀሪውን ክፍያ ሳይፈጽሙ ጥቅሉን ለማተሚያ ቤቱ ይመልሱ፤ ስንት ቅጂ እንደተበላሸም ከኃላፊው ጋር አብረው ቆጥረው ይፈራረሙ።